ለናዝራዊት የተነፋው ጡሩምባ

ጽጌማርያም ገብረወልድ አሰፋ ትባላለች፤ ዕድሜዋ ሠላሳ ዘጠኝ ዓመት ነው። ተወልዳ ያደገችው ቀራንዮ ነው። ዛሬም የምትኖረው ከመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ቁልቁል በሚወስደው መንገድ፣ አባቷ ባቆመው የጭቃ ቤት፣ ከእናቷ ከወይዘሮ አስካለማርያምና ከአንድ ልጇ ከናዝራዊት ጋር ነው። በግራና በቀኝ ያሉት ግቢዎች ፎቅ ሆነዋል፤ የእነርሱ ቤት በሁለት ፎቆች መካከል ዝቅ ብሎ ይታያል።

የምትተዳደረው የመኪና ወንበር ልብስ በመስፋት ነው። ሱቋ አየር ጤና፣ ጋራዦች በተደረደሩበት ረድፍ ውስጥ፣ አንድ የስፌት መኪናና አንድ ጠረጴዛ ብቻ የምትይዝ ጠባብ ክፍል ናት። ሹፌሮች ያከብሯታል፤ ያማርሯታልም፤ ልክ ሳትወስድ ጨርቅ አትቆርጥምና። «የሚኒባስ ወንበር ሁሉ አንድ ነው፤ ዝም ብለሽ ቁረጪው እንጂ» ሲሏት ሜትሯን ይዛ መኪናው ውስጥ ትገባለች። «አንድ ከሆነ ከጓደኛህ መኪና ላይ ግፈፍና አልብሰው» ትላለች። ሹፌሩም ሳቁን ውጦ ልኩ ተወስዶ እስኪያልቅ ይጠብቃል።

ባሏን ይገዙንም ያገኘችው በዚያው ሱቅ ነው። ከጦር ኃይሎች አየር ጤና የሚመላለስ ሚኒባስ ነበረው። ጨዋታ ዐዋቂ፣ ለሰው ደራሽ፣ በተለይም ለእናቷ እንደ ወለዱት ልጅ የሚሆን ሰው ነበር። ወይዘሮ አስካለማርያም በጠና በታመሙበት ዓመት መንገዱ ጭቃ ሆኖ መኪና አላስገባ ሲል፣ በጀርባው አዝሎ እስከ አስፋልቱ ያደረሳቸው እርሱ ነው። ክፉ ሥራ የሚሠሩት ክፉ ሰዎች ብቻ ናቸው ብሎ የሚያምን ሰው ይህን ታሪክ ለመረዳት ይቸገራል።

ጋብቻው ለምን እንደፈረሰ እዚህ መዘርዘር አያስፈልግም። የፍቺው ውሳኔ ግን ግልጽ ነበር። ናዝራዊት ከእናቷ ጋር ትኖራለች፤ አባቷ በየሳምንቱ እሑድ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ወስዶ ከቀኑ ዐሥራ አንድ ሰዓት ይመልሳታል። ጽጌማርያም ይህን ውሳኔ ከአንድ ዓመት በላይ አንዲት ቃል ሳታጎድል ፈጸመችው። ልጅቱ ሰውነቷ ታጥቦ፣ ጸጉሯ ተሠርቶ፣ በሰዓቱ ትጠብቃለች። እናቲቱ ይገዙ የሚዘገይበት ቀን ሲኖር እንኳ «ዛሬስ ቀረብህ» ብላው አታውቅም። ውሳኔው ስለ መዘግየት የሚለው ነገር የለምና።

አዲስ ዓመት በገባ በመጀመሪያው እሑድ ዐሥራ አንድ ሰዓት ሆነ፤ ናዝራዊት አልተመለሰችም። የይገዙ ስልክ ዝግ ነው። ጽጌማርያም ጦር ኃይሎች አካባቢ ወደ ተከራየው ቤት ሄደች።

አከራይዋ ሴት በሩን ገርበብ አድርገው «ዕቃውን ዐርብ ዕለት አወጣ እኮ» አሏት። «ሚኒባሱንም ሸጠ አሉ። ለአንቺ አልነገረሽም እንዴ?»

በማግስቱ ጠዋት የውሳኔውን ግልባጭ ይዛ ፖሊስ ጣቢያ ገባች። ተረኛው ሳጅን ወረቀቱን ሳያነብ ጠየቃት።

«ማን ነው የወሰዳት?»

«አባቷ።»

ሳጅኑ እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «እህቴ፣ አባት የገዛ ልጁን ይሰርቃል እንዴ? እኔ እኮ በእውነት የጠፉ ልጆች አሉብኝ።»

«ውሳኔው ከእኔ ጋር ትኑር ነው የሚለው። አንብበው።»

«ይላል፤ አምኛለሁ። ግን ይኼ የቤተሰብ ጉዳይ ነው። ተነጋገሩ። ሽማግሌ የላችሁም?»

«ፍርድ ቤት መኪናውን ለእኔ ወስኖልኝ፣ እሱ ይዞት ቢሰወር ትመዘግብልኝ ነበር?»

«መኪናማ ሌላ ነው» አለ ሳጅኑ።

ይህን መልስ የሰጠው በክፋት አይደለም፤ በልማድ ነው። ሕግ በመጽሐፍ ላይ መኖሩና በተረኛው ጠረጴዛ ላይ መኖሩ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ልጅን ከሕጋዊ አሳዳጊው ነጥሎ መሰወር ወንጀል እንደሆነ ያ ሳጅን በሥልጠናው ተምሮ ይሆናል፤ «አባት» የሚለው ቃል ግን የተማረውን ሁሉ አስረሳው። ጽጌማርያም ከጣቢያው ስትወጣ «መኪናማ ሌላ ነው» የምትለው ቃል አብራት ወጣች። እስከ ዛሬም ስለዚያ ቀን ስትጠየቅ የምትጠቅሰው እርሷን ነው።

በዚያው ሳምንት የሠፈሩ እድር ዳኛ አቶ ያደሳ ሁለት ሽማግሌዎች አስከትለው ቤቷ መጡ። አቶ ያደሳ ጡረታ የወጡ የትምህርት ቤት ርእሰ መምህር ናቸው፤ በሠፈሩ ቃላቸው ይሰማል። ተቀመጡ፤ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አኖሩ።

«ልጄ፣ ክስ አትክፈቺ» አሉ። «ክስ ከከፈትሽ ሰውየው ይርቃል። እኛ እናግኘው። ሽማግሌ በመካከል ገብቶ ሳለ ፍርድ ቤት መሄድ ደግሞ ሽማግሌውን መርገጥ ነው፤ ይህን ከእኔ ይልቅ እናትሽ ያውቁታል።»

ወይዘሮ አስካለማርያም ከአልጋቸው ጫፍ ሆነው መለሱ። «ጋሼ ያደሳ፣ እኛ እርስዎን አንረግጥም። ግን ልጅቷን የረገጣትን ሰው ስታገኙት ምን ልትሉት ነው? “እባክህ እግርህን አንሣ” ነው?»

«እንደሱ አይባልም፣ እማማ አስካለ። ሰው በለሰለሰ ቃል ይመለሳል።»

ጽጌማርያም እሺ አለች። ሽማግሌ አለመርገጥ ያደገችበት ወግ ነውና በዚያች ሰዓት ሌላ መልስ አልመጣላትም። ሽማግሌዎቹም ቃላቸውን ጠበቁ፤ ይገዙን በስልክ አገኙት። «ለመስቀል አመጣታለሁ» አላቸው። ደመራው ተለኮሰ፤ መስቀል አለፈ። እንደገና ደወሉ። «ለገና» አለ። ከዚያ በኋላ ስልክ ቁጥሩም ጠፋ። የሕግ ትምህርት ሳይኖራት ጽጌማርያም ያን ቀን አንድ ነገር ተረዳች፤ በለሰለሰ ቃል የተገዛው ጊዜ በሙሉ የተከፈለው ለወሳጁ ነበር። ሰውየው ቤት ለመቀየር፣ ስልክ ለመለወጥ፣ ልጅቱን ከአዲስ ቦታ ጋር ለማላመድ የሚበቃውን ያህል ጊዜ ሽማግሌ ሰጥቶታል።

ወደ አቶ ያደሳ ቤት ሄዳ በሩ ላይ ቆማ ተናገረች። «ጋሼ፣ አመሰግናለሁ። ከዛሬ ጀምሮ ግን ፍርድ ቤት ነኝ። ረገጥሽኝ ካሉኝ፣ አዎ፣ ረግጫለሁ።»

ፍርድ ቤቱ አላጉላላትም። ልጅቱ በአስቸኳይ ለእናቷ እንድትመለስ፣ ፖሊስም እንዲያስፈጽም ትእዛዝ ተሰጠ። ትእዛዙን የተቀበለችው በሴቶችና ሕፃናት ክፍል የምትሠራ ምክትል ኢንስፔክተር ቤተልሄም የምትባል መርማሪ ናት። ወረቀቱን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አነበበች፤ ከዚያ ቀና አለች።

«ይኼ ወንጀል ነው። ቀድሞውኑ መመዝገብ ነበረበት። አሁን ትእዛዝ አለኝ፤ ሰውየው ግን የት እንዳለ አላውቅም። አድራሻ አምጪልኝ፤ በዚያው ቀን ከወንበሬ እነሣለሁ።»

ጽጌማርያም አድራሻ ፍለጋ ደብረ ብርሃን ሄደች። የይገዙ ታላቅ እህት እሙ የምትኖረው እዚያ ነው። እሙ በሩን በሰውነቷ ሸፍና ቆመች። «መድኃኔ ዓለምን! በዓይኔ አላየሁትም» ብላ ማለች። የከተማው ፖሊስ በተጻፈለት ደብዳቤ መሠረት የእሙን ቤት አየ፤ ከእሙ ልጆች በቀር ማንም አልተገኘም። ሌላ ሊፈተሽ የሚችል በር አልነበረም። ጽጌማርያም ሱቋን እየከፈተች፣ ለሚገቡት ሹፌሮች ሁሉ የልጇን ፎቶ በስልኳ እያሳየች ቆየች። ልጅቱ አንደኛ ክፍል መግባት የነበረባት ዓመት ያለ እርሷ ተጋመሰ። ገናም አለፈ።

ወደ እድሩ የሄደችው ያኔ ነው። ወርኃዊው ስብሰባ ከቅዳሴ በኋላ ድንኳኑ፣ አግዳሚዎቹና ትልልቆቹ ብረት ድስቶች በሚቀመጡበት አዳራሽ ይደረጋል። ልዩ ልዩ ጉዳይ ተብሎ ሲጠየቅ ጽጌማርያም ተነሣች።

«ጡሩምባ እንዲነፋልኝ እጠይቃለሁ።»

አቶ ያደሳ መነጽራቸውን አወለቁ። «ማን ሞተ?»

«ማንም አልሞተም። ለልጄ ነው። ጠፍታለች። ለፋፊው በየመንገዱ እየነፋ ስሟን ይጥራ፤ ያየ ይናገር።»

«ጡሩምባ ለሞተ ነው የሚነፋው፣ ልጄ። መተዳደሪያችን ይህን ይላል፤ ወጉም ይህ ነው። በሕይወት ላለ ሰው መንፋት ሟርት ነው።»

ማሙሽ የሚባል ልኳንዳ ቤት ያለው ጎልማሳ ከኋላ ወንበር ጣልቃ ገባ። «ዛሬ ለጠፋ ልጅ ከነፋን ነገ የኔ በግ ቢጠፋስ? ለሱም ይነፋልኝ?»

ጥቂት ሰዎች ሳቁ። ጽጌማርያም ዞር አለች።

«ማሙሽ፣ በግህ ቢሞት እድሩ ድንኳን ይተክላል?»

«አይተክልም።»

«ናዝራዊት ብትሞትስ?»

ፊቷን ወደ ጉባኤው መልሳ ራሷ መለሰች።

«ትተክላላችሁ። ንፍሮ ትቀቅላላችሁ፣ አግዳሚ ታወጣላችሁ፣ ከኔ ጋር ታለቅሳላችሁ። እኔ ግን ለሬሳዋ የምታደርጉትን ግማሹን በሕይወት እያለች አድርጉልኝ ነው የምለው። ጡሩምባ እስኪነፋልኝ ልጄ እስክትሞት ልጠብቅ?»

ክርክሩ ረጅም ነበር። አንዳንዱ ጠበል ተረጭቶ ይነፋ አለ፤ አንዳንዱ ድምፅ ማጉያ ተከራይተን እንዙር አለ። «ድምፅ ማጉያማ ሎተሪ የሚሸጥ ነው የሚመስላቸው፤ ማን ይወጣል?» ብለው አንዲት አሮጊት ዘጉት። በመጨረሻ እጅ ተቆጠረ፤ ይነፋ ያለው ወገን በለጠ። አቶ ያደሳ ተቃውሟቸውን ካስመዘገቡ በኋላ አንድ ግዴታ አስገቡ፤ ለፋፊው ከማንኛውም ቃል በፊት «የሞተ የለም» እንዲል። ጥንቃቄያቸው ተገቢ ነበር። ያልመዘኑት ነገር ግን የጡሩምባ ድምፅ ከሰው ድምፅ ይልቅ እጅግ ሩቅ እንደሚሄድ ነው።

ቅዳሜ ጎሕ ሲቀድ ለፋፊው ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር ቆሞ ነፋ። «እድርተኞች! የሞተ የለም! የሞተ የለም! የጽጌማርያም ገብረወልድ ልጅ ናዝራዊት፣ የስድስት ዓመት ሕፃን፣ አባቷ ይገዙ ከወሰዳት ወዲህ አልተመለሰችም! ያየ፣ የሰማ፣ ለእናቷ ይንገር!» በየማእዘኑ እየቆመ ደገመው። በቅርብ ያለው ሰው ቃሉን ሰማ። ከወንዙ ማዶ ያለው የሰማው ጡሩምባውን ብቻ ነው።

ጡሩምባ የሰማ የቀራንዮ ሰው ደግሞ ቃል አይጠብቅም። ነጠላውን አዘቅዝቆ ይወጣና ሰው ወደሚሄድበት ይሄዳል። ፀሐይዋ ሞቅ ስትል የጽጌማርያም ደጃፍ በሰው ሞላ። አንዲት የሩቅ ጎረቤት «ወይኔ እማማ አስካልዬ!» እያለች ደረቷን እየደቃች ገባች፤ ወይዘሮ አስካለማርያምን ግቢው ውስጥ ፀሐይ ሲሞቁ አገኘቻቸው።

«ኧረ ቁጭ ብያለሁ፤ እግዜር ይስጥሽ» አሉ ወይዘሮዋ። «ለቅሶሽን ግን ወድጄዋለሁ። ለካ እንዲህ ታለቅሺልኛለሽ?»

ግቢው በሳቅ ተሞላ። ጽጌማርያም ከቤት ወጥታ ለሚመጣው ሁሉ እያስረዳች ሳለ ስልኳ ጮኸ። እሙ ነበረች፤ ከደብረ ብርሃን። ከቀራንዮ አንድ ሰው ደውሎ በእነ ጽጌ ደጅ ጡሩምባ ተነፍቶ ሰው ወጥቷል ብሏታል። ለዓመታት ሕመምተኛ የነበሩት ወይዘሮ አስካለማርያም ናቸውና፣ ማን እንደሞተ መጠየቅ አላስፈለጋትም።

«ጽጌዬ! እኔ አፈር ልብላ! እማማን! እማማን!» ለቅሶዋ ከስልኩ አልፎ ተሰማ።

ወይዘሮ አስካለማርያም ጆሯቸውን ጣል አደረጉ። «ማን ናት? እሙ ናት? ለእኔ ነው እንዴ?» አሉ በቀስታ። ከዚያ በትካዜ ሳይሆን በፍጹም ንቃት ወደ ልጃቸው ጎንበስ ብለው ሹክ አሏት። «ሞታለች በያት። ለልጄ ልጅ አንድ ቀን ብሞት ምን አለ?»

ጽጌማርያም ስልኩን በእጇ ሸፈነች። «አልልም።»

ስልኩን ወደ ጆሮዋ መለሰችው። እሙ እየጮኸች ነበር። «ቀብሩ ስንት ሰዓት ነው? ጽጌ፣ ትሰሚኛለሽ?»

እዚህ ላይ አንድ ትንፋሽ የሚያህል ጊዜ ነበር። «እናቴ አልሞተችም» ለማለት ከዚያ በላይ አይፈጅም። ጽጌማርያም ያን ትንፋሽ አሳለፈችው።

«ደጃችን በሰው ሞልቷል፣ እሙ» አለች። «ይገዙ ሰምቷል?»

«አሁን እነግረዋለሁ! እንዴት ይቀራል? እናቱ አይደሉ እንዴ? ልጅቷንም ይዘን እንመጣለን፤ አያቷ ናቸው!»

«ኑ» አለች ጽጌማርያም፤ ስልኩንም ዘጋች።

ከተናገረችው ውስጥ አንድም የሐሰት ቃል የለም። ይህን ራሷ ለመርማሪዋ ስታስረዳ አስረግጣ ተናግራለች። ወዲያው ግን አክላ «እንዳታለልኳት ግን ዐውቃለሁ» ብላለች። ሁለቱንም በአንድ ድምፅ የምትናገር ሴት ናት። ከዚያ ለቤተልሄም ደወለች፤ ቤተልሄምም የደንብ ልብሷን ሳትለብስ ከአንድ ባልደረባዋ ጋር መጣች፤ ግቢው ውስጥ ከለቀስተኛ ጋር አግዳሚ ላይ ተቀመጠች። የጽጌማርያም ሐሳብ አንድ ብቻ ነበር፤ ልጅቱ በሩን አልፋ ትግባ።

ከቀትር በኋላ ይገዙ ደረሰ። ከሳ ብሏል፤ ጥቁር ኮት ለብሷል። በግራ እጁ ናዝራዊትን ይዞ፣ በቀኝ እጁ ደረቱን እየመታ፣ «እማዬ! ሳልቀብርሽ! እማዬ!» እያለ ገባ። እሙ ከኋላው ናት። ሰው መንገድ ለቀቀለት። ከፊት ለፊቱ ወይዘሮ አስካለማርያም ወንበር ላይ ተቀምጠዋል።

ለቅሶው አፉ ውስጥ ቀረ። ከዚያ ማንም ያልጠበቀውን አደረገ፤ ተንበርክኮ ጉልበታቸውን ስሞ በደስታ አለቀሰ። «አለሽ? እማዬ፣ አለሽ?»

«አለሁ» አሉ ወይዘሮ አስካለማርያም። እጃቸው ወደ ራሱ ሄደ፤ ሳይነካው ተመለሰ። «እኔን ልትቀብር ትመጣለህ፤ ልጄን በቁሟ ቀብረህ?»

ይገዙ ዙሪያውን ሲያይ ገባው። ሊነሣ ሲል ቤተልሄም አጠገቡ ቆማ ነበር። ናዝራዊት ከአባቷ ኮት ጀርባ ተሸጉጣ እናቷን ታያለች፤ አልሮጠችም። ጽጌማርያምም አልሮጠችም። ቁጭ ብላ እጇን ዘረጋች፤ ጠበቀች። ልጅቱ ወደ አያቷ ዞረች።

«አያዬ፣ ሞተሽ ተነሣሽ?»

«ተነሣሁ፣ እናቴ። ነይ ግቢ።»

ልጅቱ አያቷን ይዛ ወደ ቤት ከገባች በኋላ ጽጌማርያም ብድግ አለች። «አሁን ሕጉ የሚያዘውን አድርጉ» አለቻት ቤተልሄምን። «እጁን የምታስሩት ከሆነ ግን ከግቢው ወጥታችሁ እሰሩት። ልጅቷ በመስኮት ታያለች።»

እሙ በሩ ላይ ተቀምጣ አነባች። «ሞት ይቀለድበታል?» አለች። «ለቅሶ ጠርተሽ ወንድሜን አሳልፈሽ ሰጠሽ?» ጽጌማርያም «አንቺስ በመድኃኔ ዓለም ምለሽልኝ ነበር» አለቻት። ከዚያ በኋላ ሁለቱ አልተነጋገሩም።

የሠፈሩ ፍርድ ለሁለት ተከፈለ። አቶ ያደሳ በማግስቱ መጥተው ሳይቀመጡ ተናገሩ። «ጡሩምባችንን ወጥመድ አደረግሽው። ነገ ሲነፋ ሰው ይውጣ አይውጣ ያመነታል። ለሙታን ያለን ያ ብቻ ነበር።»

«ጡሩምባው “የሞተ የለም” ነው ያለው፣ ጋሼ።»

«ስልኩስ?»

«ስልኩ የእኔ ነው። በሱ እኔን ይውቀሱኝ፤ እድሩን አይደለም።»

«እንግዲያው ክሱን አንሺ። እሱም ይቅርታ ይጠይቅ፣ አንቺም ጠይቂ። በዚያ እንዝጋው።»

«አልጠይቅም፤ አላነሣምም። ልጅ ወስዶ የተሰወረ ሰው ሁሉ በእርቅ የሚለቀቅ ከሆነ፣ መውሰድ የድርድር መጀመሪያ ሆነ ማለት ነው። ነገ የማንኛችሁም የልጅ ልጅ ብትወሰድ ፖሊስ ጣቢያ የሚጠብቃችሁ “መኪናማ ሌላ ነው” የሚል ሰው ነው።»

አቶ ያደሳ ባርኔጣቸውን አድርገው ወጡ። እኚህ ሰው ተቃዋሚዋ ቢሆኑም ከጻድቅነት የራቁ አይደሉም። ይገዙ ጥፋቱን ለመርማሪዋ አምኖ የዋስ መብቱ ሲጠበቅለት ዋስ የሆኑት እርሳቸው ናቸው። «ሽማግሌ ነኝ ካልኩ ለሁለቱም ነኝ» ብለዋል።

ናዝራዊት ወደ ቤቷ ተመለሰች፤ ነገሩ ግን በዚያ አላበቃም። ልጅቱ ትበላለች፣ ትጫወታለች፤ ከዚያ በጨዋታ መካከል ቀና ትልና «አባዬ የታሰረው እኔ ስለመጣሁ ነው?» ትላለች። ጽጌማርያም መልሷን ታሳጥራለች። «አይደለም። ሳይነግረኝ ስለወሰደሽ ነው።» ልጅቱ ታስባለች። «እሱ ግን ለእኔ ነግሮኛል» ትላለች።

ጽጌማርያም የአባትየው የእሑድ ቀን እንዲታገድ፣ ካልሆነም ልጅቱን ባለሥልጣን ባለበት ቦታ ብቻ እንዲያያት ለቤተሰብ ችሎቱ አመለከተች። ችሎቱ ተቀብሎ ለሚቀጥለው ሐሙስ ቀጠረ። ከሐሙሱ በፊት ግን አንድ እሑድ አለ። ወደ ቤተልሄም ሄዳ ጠየቀቻት።

«የፍቺው ውሳኔ እስኪለወጥ ይጸናል» አለቻት ቤተልሄም። «የዋስትናው ግዴታ ከከተማ እንዳይወጣ ነው እንጂ ልጁን እንዳያይ አይደለም። ብትከለክዪው፣ ያንኑ ውሳኔ ይዞ ሰኞ እኔ ጋ ይመጣል። አንቺ በያዝሽው ወረቀት።»

«አንቺ ብትሆኚስ?»

ቤተልሄም ወረቀቱን አጥፋ መለሰችላት። «እኔ ፖሊስ ነኝ» አለች።

እሑድ ሦስት ሰዓት ላይ በሩ ተንኳኳ። ይገዙ ውጭ ቆሟል፤ ጢሙን ተላጭቷል። የውሳኔው ግልባጭ በእጁ ነው። አቶ ያደሳ ከጎኑ ናቸው።

«ለሁለት ሰዓት ብቻ» አለ ይገዙ በበሩ ቀዳዳ። «እዚሁ ሠፈር። አልለምንሽም ደግሞ፤ መብቴ ነው። “ፍርድ ይከበር” ብለሽ አገር ምድሩን ያስነሣሽው አንቺ ነሽ።»

«ያን ፍርድ የጣስኸው ደግሞ አንተ ነህ።»

«ጥሻለሁ። ለዚያ ተከስሻለሁ፤ እቀጣለሁ። አንቺስ ዛሬ ብትጥሺው?»

አቶ ያደሳ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ልጄ፣ አብሬው ነው የምሆነው። ዋሱ እኔ ነኝ።»

ሽማግሌው ቃላቸው የታመነ ነው። «ለመስቀል ያመጣታል» ያሏትም ያኔ እርሳቸው ነበሩ፤ አምነው ነበር ያሏት። ወይዘሮ አስካለማርያም ከግቢው ወንበራቸው ላይ ሆነው ልጃቸውን ያያሉ፤ እንዳለፈው ጊዜ ምክር አልሰጡም። ናዝራዊት የአባቷን ድምፅ ሰምታ ጫማዋን ማሠር ጀምራለች፤ አንዱን ጨርሳ ሁለተኛው ላይ ደርሳለች።

ብትከፍት፣ ልጅቱ እስክትመለስ የሚጠብቃት አንድ ሽማግሌና አንድ ወረቀት ብቻ ነው፤ ሁለቱም ከዚህ በፊት አልጠበቋትም። ባትከፍት፣ ለወራት በየቢሮው «እንደተጻፈ ይፈጸም» ስትል የቆመችበትን መሬት በገዛ እግሯ ትለቃለች፤ ከነገ ጀምሮም ውሳኔ የጣሱት ወላጆች ሁለት ይሆናሉ። ጽጌማርያም እጇን መቀርቀሪያው ላይ አኑራ ቆማለች።

እርስዎ፣ ይህን ያነበቡ አባት ወይም እናት፣ በእርሷ ቦታ ቢቆሙ በሩን ይከፍቱ ነበር?